በዘጠኝ ሰዓት የተላለፉት አሳሾች (በርክና ዊልስ፣ አውስትራሊያ)

የፉትስክሬዩ፣ ማክሰኞ ማታ 1:40

ሰላም ለዚህ ቤት። ሜልቦርን የመጣሁ ሰሞን ከሰው ጋር ስቀጣጠር «ሐውልቱ ጋ» ነበር የምንባባለው፣ ስዋንስተን ጎዳና ከኮሊንስ የሚገናኝበት ጥግ ላይ የሁለት ፈረንጆች ሐውልት ነበረ፣ አንዱ ቆሟል አንዱ ቁጭ ብሏል። ስንቴ ብርዱ አጥንቴ ድረስ ገብቶ የሐበሻ ቀጠሮ ስጠብቅ እነሱ ስር ቆሜያለሁ፣ አንድ ቀን ግን ዞር ብዬ ስማቸውን አንብቤ አላውቅም። በ2017 ለምድር ባቡሩ ሥራ ተብሎ ሲነሱ ነው «ቆይ እነዚህ ሰዎች ምን አድርገው ነው?» ያልኩት፣ ከዛ ወዲህ እያነበብኩ ነው፣ አልወጣልኝም። ዓመቱንና ቀኑን በፈረንጅ ነው የምጽፈው፣ ሰዓቱን ግን በኛ።

ጊዜው 1860 ነው፣ እኛ ጋ አፄ ቴዎድሮስ ዙፋን ላይ ናቸው። እንግሊዞች የአውስትራሊያን ዳር ዳሩን ይዘዋል፣ መሀሉ ግን ካርታቸው ላይ ነጭ ወረቀት ነው። ሜልቦርን በወርቅ ጠግባለች። ጎረቤቷ ደቡብ አውስትራሊያ ደሞ ስቱዋርት የሚባል በረሃ የለመደ አሳሽ አላት፣ አህጉሩን ከደቡብ እስከ ሰሜን ለሚያቋርጥ 2,000 ፓውንድ ብላለች። እና እልህ ውስጥ ተገባ። የቪክቶሪያ (ሜልቦርን ያለችበት ግዛት) ሮያል ሶሳይቲ የሚባለው የሳይንስ ማኅበር ኮሚቴ አቋቁሞ ብር ሰብስቦ መሪ መረጠ፣ የመረጠውም ሮበርት ኦሃራ በርክ የሚባል አየርላንዳዊ የፖሊስ አዛዥ፣ ድሮ ኦስትሪያ ጦር ውስጥ ፈረሰኛ መኮንን የነበረ፣ ደፋር፣ ግልፍተኛ፣ በረሃን ግን በወሬ እንጂ በእግሩ የማያውቅ ሰው ነው። አብሮት የሄደው ዊልስ ገና 26 ዓመቱ ነው፣ ቀያሽ፣ ኮከብና የአየር ጠባይ የሚለካ፣ ረጋ ያለ እንግሊዛዊ።

ኦገስት 20 ከሰዓት ከሮያል ፓርክ ሲነሱ 15,000 ገደማ ሰው ሊሸኛቸው ወጣ። 19 ሰው፣ 26 ግመል፣ 23 ፈረስ፣ 6 ሠረገላ፣ ወደ 20 ቶን የሚጠጋ ዕቃ። ዕቃ ስላችሁ ዱቄትና ስኳር ብቻ እንዳይመስላችሁ፣ ከባድ የእንጨት ጠረጴዛ ከነወንበሮቹ፣ ርችት፣ የቻይና ደወል ሁሉ አለበት። አንዱ ሠረገላ ከፓርኩ ሳይወጣ ተሰበረ። የዛን ቀን እኩለ ሌሊት ላይ የደረሱት ኤሰንደን ነው፣ ዛሬ ከከተማ በባቡር ግማሽ ሰዓት አይፈጅም።

መኒንዲ የምትባለው የመጨረሻዋ የፈረንጅ መንደር ለመድረስ ሁለት ወር ገደማ ወሰደባቸው። የፖስታ ቤቱ ሠረገላ ያንኑ መንገድ ከሳምንት ትንሽ በለጥ ባለ ጊዜ ነበር የሚሄደው። በርክ እዛ ሲደርስ ትዕግሥቱ አለቀ፣ ስቱዋርት ይቀድመኛል ብሎ ጓዙንና ሰዉን ግማሹን ጥሎ ወደፊት ሮጠ። ኖቬምበር ላይ ኩፐር ክሪክ የሚባል ወንዝ ደረሱ፣ ዴሴምበር 16 እንደገና ተከፈሉ፣ በርክ ዊልስን፣ ኪንግና ግሬይ የሚባሉትን ሁለቱን ይዞ በ6 ግመልና በ1 ፈረስ፣ የ12 ሳምንት ምግብ ቋጥሮ ወደ ሰሜን ሄደ። የዛ አገር በጋ ማለት ዴሴምበርና ጃንዋሪ መሆኑን አስቡት። ብራሄ የሚባለውን ልጅ ከነሰዎቹ «ሦስት ወር ጠብቀን» ብሎ ወንዙ ዳር አስቀመጠው።

እና ሰሜኑ ባሕር አጠገብ ደረሱ! ፌብሩዋሪ 1861። ውኃው ጨው ጨው ይላል፣ ከባሕሩ ጋር ከፍ ዝቅ ይላል፣ ግን ማንግሮቩና ጭቃው አላሳልፍ አላቸው። አህጉሩን አቋርጠው ባሕሩን በዓይናቸው ሳያዩት ተመለሱ። ከዚህ በኋላ ያለው ነው እንቅልፍ የሚነሳው፣ ትራሜ ደረሰ፣ ቤት ገብቼ እቀጥላለሁ።

ቀበና7፣ 1:52

ጠረጴዛ??? በረሃ ለማቋረጥ ጠረጴዛ? ሃሃሃ እኔ ደሞ አጎቴ ሶደሬ ሲሄድ ፍራሽ ጫነ ብዬ ስስቅበት ኖሬአለሁ። ቀጥል ወንድሜ፣ ፈንዲሻው ደርሷል።

ሹፌሩ_ሎጊያ፣ 2:05

እኔን የገረመኝ ግመሉ ነው። 11 ዓመት የጅቡቲን መንገድ ስመላለስ ስንት የአፋር ቅፍለት አይቻለሁ መሰላችሁ፣ ግመል እኮ እንደ መኪና ቁልፍ አዙረህ የምትነዳው ነገር አይደለም፣ ባለቤቱ ድምፁን ያውቃል፣ የት ቦታ እንደሚበላ የት እንደሚያርፍ ከልጅነቱ ጀምሮ ያውቃል። ግመል አይቶ የማያውቅ ፈረስ ደሞ አጠገቡ ብታቆመው ይበረግጋል። እነዚህን 26 ግመሎች ማን ነበር የሚነዳቸው? ፈረንጆቹ ራሳቸው ከሆኑ እዛው ጋ አልቀዋል ማለት ነው።

የፉትስክሬዩ፣ 2:31

@ሹፌሩ_ሎጊያ ጥያቄህ ልክ ቦታው ላይ ነው። ላንደልስ የሚባል ሰው ነው አብዛኞቹን ከሕንድ ያመጣቸው፣ 24 ግመል፣ አብረውም ግመለኞች አምጥቷል። ከነሱ አንዱ ዶስት መሐመድ ይባላል፣ ብዙ አልተጻፈለትም፣ ኋላ ላይ ግመል ነክሶት ቀኝ እጁ ከጥቅም ውጭ ሆነ፣ መቃብሩ እስካሁን መኒንዲ አለ። ፈረሶቹ እንዳልከው በግመሎቹ ይበረግጉ ስለነበር ለየብቻ ነበር የሚያስኬዷቸው። ለግመሎቹ ጫማ ተሠርቶላቸዋል፣ ወንዝ ሲሻገሩ እንዲንሳፈፉ አንገታቸው ላይ የሚታሰር በአየር የሚሞላ ከረጢትም ነበራቸው። እና ደሞ ያዝ፣ ላንደልስ «ለግመሎቹ ጤና» ብሎ 60 ጋሎን ሩም ጭኗል፣ ወደ 270 ሊትር። መንገድ ላይ የበግ ጸጉር ሸላቾች አገኙትና ሰክረው ጉድ ተባለ፣ በርክ ሩሙ ይቅር አለ፣ ላንደልስ ተቆጣ፣ መኒንዲ ላይ ሥራውን ጥሎ ሜልቦርን ተመለሰ። ስለዚህ ግመል የሚያውቀው አለቃ ገና በረሃው ሳይጀመር የለም።

ቀበና7፣ 2:33

ግመል ሩም ጠጥቶ 😂😂 አበቃሁ

የፉትስክሬዩ፣ 2:58

ወደ ነገራችን። መልሱ ጉዞ ላይ ዝናቡ ጣላቸው፣ ምግቡ አለቀ፣ ግመል እያረዱ፣ ቢሊ የምትባለውን ፈረስ እያረዱ በሉ፣ ዘንዶ ሳይቀር በልተው በርክ ሆዱን ታመመ። ግሬይ ዱቄት ሰርቆ ሲበላ ተያዘና በርክ መታው። ከዛ ግሬይ «አሞኛል» ሲል «አስመሳይ ነው» አሉት። ኤፕሪል 17 ንጋት ላይ ሞቶ አገኙት። ሦስቱም እግራቸው አልታዘዝ ብሎ ነው የሚንቀሳቀሱት፣ ግን ቀኑን ሙሉ ቆፍረው ቀበሩት።

ኤፕሪል 21 ማታ 1 ሰዓት ተኩል ላይ፣ ሦስቱ በሁለት ግመል ኩፐር ክሪክ ደረሱ። በርክ ስም እየጠራ ተጣራ። መልስ የለም። ዛፍ ላይ «ቆፍሩ» የሚል ተቀርጿል፣ ቀኑም አለበት፣ የዛኑ ቀን! ቆፈሩ፣ ምግብ የሞላ ሳጥን፣ ጠርሙስ ውስጥም የብራሄ ደብዳቤ። ብራሄ ሦስት ወር ጠብቅ የተባለው አራት ወር ከምናምን ቀን ጠበቀ፣ ከሰዎቹ አንዱ እየሞተበት ነው፣ ከኋላ ይመጣል የተባለው ስንቅ አልመጣም፣ በቃ ብሎ የወጣው የዛኑ ቀን ጠዋት 4 ሰዓት ላይ ነበር። ዘጠኝ ሰዓት ተኩል። ያን ሌሊት ብራሄ ያደረው ከነሱ 22 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቀት ላይ ነው።

ደብዳቤው ደሞ ግመሎቹና ፈረሶቹ ደህና ናቸው ስለሚል በርክ «አንደርስባቸውም» አለ። ዊልስና ኪንግ በመጡበት መንገድ እንመለስ አሉ፣ በርክ ግን በደቡብ አውስትራሊያ በኩል ማውንት ሆፕለስ አካባቢ የፖሊስ ጣቢያ አለ፣ 240 ኪሎ ሜትር ነው ብሎ ወሰነ። ስሙን በአማርኛ ብታዞሩት «ተስፋ የለሽ ተራራ» ነው፣ እኔ አይደለሁም ያወጣሁት። ከመሄዳቸው በፊት የራሳቸውን ደብዳቤ እዛው ጉድጓድ ቀብረው፣ የአካባቢው ሰው እንዳይቆፍረው አፈሩን እንደነበረ ደልድለው፣ ዛፉ ላይ ግን ምንም አዲስ ምልክት ሳያደርጉ ሄዱ።

ሜይ 8 ብራሄ ተጸጽቶ ተመለሰ። አንድ ሩብ ሰዓት ያህል ቆየ፣ ዛፉን አየ፣ አፈሩን አየ፣ የነካው የለም ብሎ አሰበ፣ ሳይቆፍር ሄደ። በርክና ዊልስ ያኔ በሕይወት አሉ፣ እዛው ወንዝ ዳር፣ ትንሽ ወረድ ብሎ።

እኔ ይሄን መጀመሪያ ያነበብኩ ቀን ስልኬን አስቀምጬ ቤት ውስጥ ወዲህ ወዲያ ስል ነው ያመሸሁት።

አዳኙ21፣ 3:20

ወይኔ! ይሄ እኮ ዕድል ነው ጓዶች፣ ምንም በሉ ምንም። ግሬይን ባይቀብሩት በዛች አንድ ቀን ብራሄ ጋር ይገናኙ ነበር። ግን ደሞ ሬሳ ለአሞራ ጥሎ መሄድ እንዴት ይቻላል? ሲመታው ክፉ ነበር፣ ሲቀብረው ግን ሰው ነበር። ለሱ ደግነት ነው ዋጋ የከፈሉት። ሰዉ ስንፍና ምናምን ሲል ያናድደኛል፣ እኛ ቁጭ ብለን በስልክ ስናወራ ቀላል ነው፣ 45 ዲግሪ ውስጥ አራት ወር ሂድና አሳየኝ።

ባለካርታው፣ 3:41

በጣም ጥሩ ጽሑፍ፣ አንድ ሁለት ነገር ላይ ግን ልግባ።

አንደኛ «ካርታቸው ላይ ነጭ ወረቀት» ያልከው እስከ ኩፐር ክሪክ ድረስ ልክ አይደለም። ስተርት የሚባለው አሳሽ በ1845 እዛ ደርሶ ወንዙን ስም ያወጣለት እሱ ነው። (ስተርት ማለት መሀል አህጉሩ ላይ ባሕር አለ ብሎ ጀልባ በበረሃ ያስጎተተ ሰው ነው፣ የበርክን ጠረጴዛ የሳቃችሁ ይሄንንም ሳቁ።) ግሪጎሪ ደሞ በ1858 የጠፋውን አሳሽ ላይክሃርትን ሲፈልግ በኩፐር አድርጎ ወደ ደቡብ አውስትራሊያ ወርዷል፣ በርክ በማውንት ሆፕለስ ይወጣል ብሎ ያሰበው ይሄን ስለሚያውቅ ነው። ስለዚህ ያ ውሳኔ እብደት አልነበረም፣ ውኃ ባለበት ዓመት ይሆን ነበር።

ሁለተኛ አዳኙ «ዕድል» ላልከው፣ የስንቁ መዘግየት ዕድል አይደለም። መኒንዲ የቀረውን ጓዝ እንዲያመጣ የተሾመው ራይት እስከ ጃንዋሪ መጨረሻ ከቦታው አልተነቃነቀም፣ ኮሚቴው ሹመቴን ያጽድቅ ደሞዜን ያረጋግጥ እያለ ደብዳቤ ሲጠብቅ። ሲነሳም በጋው ከፍቶ ከሱ ጋር ከሄዱት ሦስቱ በመንገድ ሞቱ፣ ሠዓሊውና ተፈጥሮ አጥኚው ሉድቪግ ቤከር ጭምር። በጠቅላላው ሰባት ሰው ነው የሞተው። ቢሮክራሲ ነው የገደላቸው በለኝ፣ እቀበልሃለሁ።

ደንቢያ_ነኝ፣ 3:55

እኔ አንድ ነገር አልገባኝም። ወንዝ ዳር ናቸው አይደል? ብራሄ ወር ሙሉ የሚሆን ምግብ ቀብሮላቸዋል አይደል? ታዲያ እንዴት ሞቱ? እዛ አገር ሰው አልነበረም እንዴ?

የፉትስክሬዩ፣ ረቡዕ ጠዋት 1:15

@ደንቢያ_ነኝ እኔ ይሄን ሁሉ የጻፍኩት ለዚህ ጥያቄ ነው እህቴ። ሐውልቱም ፊልሙም የትምህርት ቤት መጽሐፉም ያቺን ዘጠኝ ሰዓት ነው የሚያወራው፣ እኔን የሚያበሳጨኝ ግን ዓሣው ነው።

ሰው ነበረ። ያንድሩዋንዳ ይባላሉ፣ ያ ወንዝ አገራቸው ነው፣ የአውስትራሊያ ነባር ሕዝብ እዛ አህጉር ላይ ከ50,000 ዓመት በላይ ኖሯል። ኩፐር ክሪክ በረሃ መሀል ይሁን እንጂ ውኃው ዓሣ አለው፣ ወፍ አለው። ያንድሩዋንዳዎቹ በርክና ሰዎቹ ገና ሲታዩ ጀምሮ ዓሣ ያመጡላቸዋል፣ በመርፌ በልብስ በምናምን ይለዋወጣሉ፣ ዳቦም ይሰጧቸዋል፣ ናርዱ ከሚባል ውኃ ዳር ከሚበቅል ተክል የሚጋገር። ማውንት ሆፕለስ ደግሞ አልሆነም፣ አንዱ ግመል ጭቃ ውስጥ ሰምጦ ቀረ፣ ሌላው ሞተ፣ ያለ ግመል ውኃ መያዝ አይችሉም፣ ከወንዙ በራቁ ቁጥር እየተመለሱ እዛው ታሰሩ።

ዊልስ ብቻውን አንድ ጊዜ ያንድሩዋንዳዎቹ ሰፈር ሄዶ ያደረበትን ማስታወሻው ላይ ጽፏል፣ እስኪጠግብ አብልተውታል። በርክ ግን ቢለማመዱን ሁሌ እላያችን ላይ ይሆናሉ የሚል ፍራቻ አለው። አንዱ ጨርቅ ነገር አነሳ ብሎ ከራሱ በላይ ተኮሰ። ሌላ ቀን በመረብ ዓሣ ይዘው ሲመጡ መረቡን ከእጃቸው እየመታ አስጣላቸው፣ ኪንግን «ተኩስ!» አለው፣ ኪንግ ተኮሰ፣ ሰዎቹ ሸሹ። ይሄን የተናገረው ኪንግ ራሱ ነው፣ ኋላ ላይ መርማሪዎቹ ፊት። እየራበው ነው እንግዲህ ዓሣውን መሬት ላይ የሚበትነው። አዳኙ ወንድሜ፣ ይሄንን ዕድል ልበለው?

ከዛ ያንድሩዋንዳዎቹ ሰፈራቸውን ነቅለው ሄዱ። ሦስቱ ናርዱ ራሳቸው እየለቀሙ፣ ራሳቸው እየፈጩ መብላት ጀመሩ። ሆዳቸው ይሞላል፣ አካላቸው ግን ይከሳል። ዊልስ እስከ መጨረሻው ይጽፋል፣ የልብ ምቴ 48 ደርሷል፣ እግርና እጄ ቆዳና አጥንት ብቻ ነው፣ ብዙ እየበላሁ ነው ግን አይጠቅመኝም ይላል። በናርዱ መራብ ያን ያህል አያምም፣ ድካሙ ነው እንጂ ብሎም ጽፏል። ጁን መጨረሻ ላይ «እናንተ ሰው ፈልጉ፣ እኔን ምግብና ውኃ አጠገቤ አድርጉና ተዉኝ» አላቸው። ሄዱ፣ በርክ ሁለት ቀን ያህል ተጉዞ እሱም ወደቀ። ኪንግ ወደ ዊልስ ቢመለስ ሞቶ አገኘው።

ደንቢያ_ነኝ፣ 1:48

ቆይ ቆይ ቆይ። እየበሉ መክሳት? ጓያ ነው እኮ ይሄ!

እኛ አገር በድርቅ ዘመን ሌላው እህል ሲጠፋ ጓያ ይበላል፣ ዝናብ ቢጠፋም ይበቅላል። ግን ዝም ብሎ ጓያ ብቻ ወር ሁለት ወር የበላ ሰው አንድ ቀን ጠዋት ሊነሳ ሲል እግሩ እምቢ ይለዋል። ጓያ ሰበረው ይባላል። እኛ ሰፈር በዱላ እየተደገፈ በጣቱ ጫፍ የሚራመድ፣ «ጋሽ አለ» እንላቸው የነበሩ ሰውዬ ነበሩ፣ በወጣትነታቸው ነው የሰበራቸው፣ ልጅ ሆነን አካሄዳቸውን እያስመሰልን ስንጫወት እናቴ ጠፍጥፋኛለች። እና ሴቶቹ ያውቁበታል፣ ይዘፈዘፋል፣ ይቀቀላል፣ ውኃው ይደፋል፣ ከሌላ እህል ጋር ይደባለቃል። አንዳንዶቹ እንፋሎቱም ይሰብራል ብለው ከድስቱ ይርቃሉ፣ እሱ እንኳ የለም ይላሉ ሐኪሞቹ። ናርዱም እንደዚህ ነው?

የፉትስክሬዩ፣ 2:20

እንዴት እንዳልመጣልኝ! አዎ፣ መርዙ አንድ አይደለም፣ ጓያ ነርቭ ነው የሚያጠቃው፣ ናርዱ ደሞ ቫይታሚን ቢ1ን የሚያፈርስ ኢንዛይም አለው፣ ስለዚህ የቱንም ያህል ብትበይ ሰውነትሽ ያንን ቫይታሚን ያጣል፣ ቤሪቤሪ የሚባለው በሽታ ይመጣል፣ እግር ይዝላል፣ ልብ ይደክማል። ብዙ ተመራማሪዎች የበርክንና የዊልስን ሞት ከዚህ ጋር ነው የሚያያይዙት፣ ከረሀቡና ከብርዱ ጋር ተደምሮ (ጁን እዛ ክረምት ነው፣ ልብሳቸው አልቋል)። ያንድሩዋንዳ ሴቶች ግን በድንጋይ ወፍጮ እየፈጩ በውኃ እያሹ በአመድ ላይ ይጋግሩት ነበር፣ ከዓሣና ከሌላ ነገር ጋር ይበሉታል፣ ለነሱ ምግብ ነው። እነ በርክ ፍሬውን አዩ፣ ወፍጮውን አዩ፣ መሀል ያለውን አላዩም።

ጋሽ_መምህር፣ 4:10

ልጆቼ፣ ጽሑፋችሁን ጠዋት ከቡና ጋር አነበብኩት፣ ተባረኩ። ሠላሳ ዓመት ጂኦግራፊ ሳስተምር አውስትራሊያን በሁለት ክፍለ ጊዜ ነበር የምጨርሳት፣ በጎችና ካንጋሮ ብዬ፣ ይቅር በሉኝ።

እኔ የማነሳው ከኛው አገር ነው። ጀምስ ብሩስ የሚባለው ስኮትላንዳዊ የዓባይን ምንጭ ሊያይ ምጽዋ ላይ በ1769 ወርዶ በ1770 መጀመሪያ ጎንደር ገባ። እሱም ኩሩ ነበር፣ ግልፍተኛም ነበር፣ ብዙ የሚያጋንንም ነበር፣ ምንጩን እኔ መጀመሪያ አየሁት ያለውም ልክ አይደለም፣ ፔድሮ ፓኤዝ በ1618 ግሽ ዓባይን አይቶታል፣ የአገሩ ሰው ደግሞ ያንን ምንጭ ያጣበት ቀን የለም፣ ጠበሉ ነው። ነገር ግን ብሩስ ቋንቋ ለምዶ ነው የመጣው፣ ጎንደር ውስጥ ፈንጣጣ ገብቶ የቤተ መንግሥቱ ልጆች ሲታመሙ አከመ፣ ያዕቆብ ተባለ፣ እንደ አገሩ ለብሶ ከቤተ መንግሥቱ ጋር በላ ጠጣ። ሰው ይዞት ሄደ፣ ሰው ይዞት ተመለሰ። እንግሊዝ አገር ሲደርስ የሚያምነው ጠፋ እንጂ። ኋላ ስንቱን በረሃ ያመለጠ ሰው ቤቱ ውስጥ ከደረጃ ወድቆ ሞተ።

አንድ ጥያቄም አለኝ ለፉትስክሬዩ። ያ «ቆፍሩ» የተጻፈበት ዛፍ ምን ዓይነት ዛፍ ነው?

የፉትስክሬዩ፣ 4:32

እግዜር ይስጥልኝ መምህር። ዛፉ ኩሊባ ይባላል፣ የባሕር ዛፍ ዘር ነው! ዛሬም ቆሟል፣ ኩዊንስላንድ ውስጥ። ቅርፊቱ እያደገ ጽሑፉን ውጦታል ይባላል። እርስዎ ያሉትን ባነብ ነው የመጣልኝ፣ እኛ እንጦጦን ያለበስንበት ዛፍ ከዛ አህጉር የመጣ አይደል፣ የነሱ ዘመድ ነው።

ባለካርታው፣ 4:40

ብሩስና በርክን ማወዳደር ግን ትንሽ ያስቸግራል መምህር፣ ጎንደር ንጉሥ ያለበት፣ ገበያ ያለበት ከተማ ነው፣ ብሩስ የሚለምነው ቤተ መንግሥት ነበረው። በርክ ማንን ይለምናል?

ጋሽ_መምህር፣ 4:55

ዓሣ ይዞ የመጣውን ነዋ ልጄ።

ሹፌሩ_ሎጊያ፣ 5:02

🔥🔥 መምህር ጨረሱት

አዳኙ21፣ 5:30

እሺ ተሸንፌያለሁ፣ ስለ ዓሣው አላውቅም ነበር። ግን ኪንግስ? እሱ እንዴት ተረፈ፣ ያው ናርዱ አይደል እሱም የበላው?

የፉትስክሬዩ፣ 6:15

ምሳ ሰዓት ላይ ነኝ፣ የኪንግን ነገር ሳልነግራችሁ አላበቃም።

ኪንግ ወጣት ነው፣ 22 ዓመት፣ ሕንድ የነበረ ወታደር። ብቻውን ሲቀር ያንድሩዋንዳዎቹን እየተከተለ ፈለጋቸው። ተቀበሉት፣ ግን መጀመሪያ ሁሉም ደስ አላለውም፣ ሂድ አይነት ምልክት ያሳዩት ነበር፣ ለራሳቸውም የሚበቃቸውን መቁጠር አለባቸው። ቁራ እየገደለ ይሰጣቸዋል። አንድ ቀን ቁራ ያካፈላት ሴትዮ ክንዷ ላይ ቁስል እንዳለባት አሳየችው፣ ውኃ በቆርቆሮ አፍልቶ፣ በስፖንጅ አጥቦ፣ የሚያቃጥል መድኃኒት ነበረው ቀባላት፣ ሴትዮዋ ጮኻ ሮጠች። ከዛን ቀን ጀምሮ ግን እሷና ባሏ ጠዋትና ማታ ናርዱ ያቀርቡለታል፣ ማደሪያ ይሠሩለታል። በሴት እጅ የተሠራ ናርዱና ዓሣ ነው እንግዲህ የበላው።

በርክ የሞተበትን አሳየን አሉት። ወሰዳቸው። ሬሳውን ሲያዩ ሁሉም አምርረው አለቀሱ፣ ቅጠል ቆርጠው ሸፈኑት። ዓሣውን ከእጃቸው ያስጣለውን ሰውዬ ነው። ከዛ በኋላ ለኪንግ የበለጠ ይራሩለት ጀመር። እሱም ነጮች ሁለት ጨረቃ ሳያልፍ ይመጣሉ ብሎ ነገራቸው።

ሴፕቴምበር 15 ሃዊት የሚባለው የፍለጋ መሪ ቡድን ደረሰ። ከቡድኑ አንዱ፣ ዌልች የሚባል ቀያሽ፣ ያንድሩዋንዳዎቹ ሲሸሹ አንድ ሰው ብቻ ሳይሸሽ ሲቀር አየ፣ ጨርቁ ተቀዳዷል፣ ፀሐይ አክስሎታል፣ ማነህ አለው፣ ኪንግ ነኝ ጌታዬ አለው። ሃዊት ያንድሩዋንዳዎቹን ሰብስቦ ስጦታ ሰጠ፣ በሚቀጥለው ዓመትም ደረት ላይ የሚንጠለጠል፣ ምስጋና የተጻፈበት የነሐስ ነገር አመጣላቸው። አገራቸውን ግን ከብት አርቢዎቹ ብዙም ሳይቆዩ መጥተው ያዙት።

የበርክና የዊልስ አጥንት ሜልቦርን መጥቶ ጃንዋሪ 1863 በመንግሥት ክብር ተቀበረ፣ የቪክቶሪያ የመጀመሪያው እንደዛ ያለ ቀብር ነው። ሐውልቱ በ1865 ቆመ። ኪንግ ከላይ ከሁለቱ ጋር የለም፣ እግራቸው ስር ባለው ቅርጽ ላይ ብቻ ነው የሚታየው። ጤናው ሳይመለስ በ1872 በሳንባ ነቀርሳ ሞተ፣ 33 ዓመቱ። ስቱዋርት ደሞ በ1862 አህጉሩን አቋርጦ ሰው ሳይሞትበት ተመለሰ፣ ማንም አያወራለትም።

ግመሎቹ ግን ጸደቁ 😄 ከነሱና ከነሱ በኋላ ከመጡት የተለቀቁት በረሃው ውስጥ ተራብተው ዛሬ አውስትራሊያ በመቶ ሺዎች የሚቆጠር የዱር ግመል አላት።

ሹፌሩ_ሎጊያ፣ 6:22

የዱር ግመል በነፃ?? ቪዛው እንዴት ነው የሚገኘው

ቀበና7፣ 6:25

ሩሙን ይዘህ ሂድ 😂

ደንቢያ_ነኝ፣ ማታ 2:05

እናቴ ጋ ደውዬ ታሪኩን በሙሉ ነገርኳት፣ ከግመሉ ጀምሮ። ሰዎቹ ወንዝ ዳር ሞቱ ስላት «እንዴት?» አለች። ናርዱ የሚባል እንደ ጓያ ያለ ነገር ራሳቸው ፈጭተው እየበሉ ነዋ አልኳት። ትንሽ ዝም አለችና «ስንት ነበሩ?» አለችኝ። መጀመሪያ አራት ኋላ ሦስት አልኳት። «ሁሉም ወንድ?» አዎ። «ሴት አልነበረቻቸውም?» የለም። «እና ማን ሊጋግርላቸው ነው በረሃ የገቡት?» ብላ ሳቀች፣ ከዛ ግን ያቺ ክንዷን ያከመላት ሴትዮ ስሟ ማን ነው አለችኝ። አልነገርከንም ፉትስክሬዩ።

የፉትስክሬዩ፣ 2:40

ኪንግ ቃሉን ሲሰጥ ስሟን አልጠራውም። «ሴትዮዋ» ብቻ ነው ያላት። እማማን ሰላም በይልኝ።